የአሠሪሽ መሣሪያ በአንቺ ቦርሳ? ከኤደን ወደ ሌላ ግዛት ወይም ወደ ሌላ አገር ስትሄጂ ማወቅ ያለብሽ

በቢር ፈድል፣ በሼክ ዑስማን፣ በመንሱራ ወይም በሌላ የኤደን ሰፈር ሰው ቤት የምትሠሪ እህታችን፣ መሣሪያ ለአንቺ አዲስ ነገር አይደለም። ባባ ሽጉጡን ቴሌቪዥኑ አጠገብ ያስቀምጣል። የማዳም ወንድም ከገጠር ሲመጣ ኣሊውን (ክላሹን ማለት ነው) በር ሥር አቁሞ ምሳ ይበላል። ዓይን ደግሞ ሁሉንም ይለምዳል። ትልቁ ችግር የሚመጣው መሣሪያው ከቤት ወጥቶ መንገድ ሲጀምር ነው። ቤተሰቡ ለዒድ ወደ ገጠር ሲሄድ፣ ለሕክምና ወይም ለዑምራ ድንበር ሲሻገር፣ ወይም አንቺ ራስሽ ወደ አገር ቤት ስትመለሺ፣ «ይህችን ያዢልኝ» የሚል ሰው ይመጣል። የሚሰጥሽ ነገር ሽጉጥ፣ ጥይት ወይም ያልተከፈተ ጥቅል ሊሆን ይችላል።

ይህ ጽሑፍ መሣሪያ ይዞ ከቦታ ወደ ቦታ መሄድ በሕግ እንዴት እንደሚታይ፣ ለአንቺ ምን ማለት እንደሆነ፣ እና እምቢ ስትዪ ምን ብለሽ እንደምትናገሪ ያስረዳል። አንብበሽ ለጓደኛሽም አካፍዪ።

በአጭሩ

• በየመን ሕግ መሣሪያ የመያዝ መብት የተሰጠው ለየመን ዜጋ ነው። ኢቃማ፣ የዩኤን ወረቀት ወይም የኢትዮጵያ ፓስፖርት መሣሪያ አያስይዝም።
• የመሣሪያ ፈቃድ (ተስሪሕ) የሚያገለግለው ስሙ ለተጻፈበት ሰው ብቻ ነው። የባባ ተስሪሕ አንቺን አይሸፍንሽም።
• በአንድ ቦታ የተፈቀደ መሣሪያ በሌላ ቦታ ክልክል ሊሆን ይችላል። ድንበር ከተሻገረ ደግሞ ነገሩ ሁሉ እንደ አዲስ ይጀምራል።
• ጥይት ብቻውንም ቢሆን ያሳስራል። «ሽጉጡ እኮ የለም» ማለት አያድንም።
• የሰው መሣሪያ አትያዢ፣ አትደብቂ፣ አታሻግሪ። እምቢ ማለት ይቻላል፣ እንዴት እንደሆነ ከታች አለ።

የየመን ሕግ ምን ይላል?

የመን መሣሪያ የበዛባት አገር ናት። ስሞል አርምስ ሰርቬይ የተባለው በስዊዘርላንድ የሚገኝ የጥናት ተቋም በ2018 እ.ኤ.አ. ባወጣው ግምት፣ በየመን ከ100 ሰው 53 ያህል መሣሪያ በሲቪሎች እጅ ይገኛል። ከአገሮች ሁሉ ከአሜሪካ ቀጥሎ ሁለተኛ ማለት ነው። ስለዚህ ብዙ ሰው «እዚህ አገር መሣሪያ ነፃ ነው» ብሎ ያስባል። እንደዚያ ግን አይደለም።

ጉዳዩን የሚገዛው በ1992 እ.ኤ.አ. የወጣው ሕግ ቁጥር 40 ነው። ይህ ሕግ ስለ መሣሪያ መያዝ፣ ስለ ጥይትና ስለ ንግዱ ይደነግጋል። ዋና ሐሳቡ ሁለት ነው። አንደኛ፣ የየመን ዜጋ ራሱን ለመከላከል ጠመንጃ፣ ሽጉጥና የአደን መሣሪያ ሊኖረው ይችላል። ሁለተኛ፣ ይህንኑ መሣሪያ ይዞ በዋና ከተማውና በየግዛቱ (ሙሐፈዛው) ዋና ከተማ ለመንቀሳቀስ ግን ከሚመለከተው መሥሪያ ቤት ተስሪሕ ያስፈልገዋል።

እዚህ ላይ ልብ በዪ። «ቤቴ አለኝ» እና «ይዤው ወጣሁ» ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ባባ በላሕጅ ወይም በያፊዕ ገጠር ኣሊውን ትከሻው ላይ አንጠልጥሎ ገበያ ሲሄድ ማንም ላይናገረው ይችላል። ያው ሰው ኤደን ሲገባ ግን ሌላ ሕግ ውስጥ ገባ። ኤደን የግዛት ዋና ከተማ ናትና። ለዚህ ነው ከገጠር የሚመጣ መኪና ወደ ከተማው ኑቅጣ (ኬላ) ሲቃረብ መሣሪያው ከትከሻ ወርዶ ወንበር ሥር፣ ከልብስ መሐል ወይም በሴቶቹ ቦርሳ ውስጥ የሚገባው።

በነሐሴ 2007 እ.ኤ.አ. የየመን የአገር ውስጥ ሚኒስቴር በሰነዓና በዋና ዋና ከተሞች መሣሪያ ይዞ መንቀሳቀስን አግዶ ነበር። ቀድሞ የተሰጡ ተስሪሖችም እንዲቆሙ ተደርጓል። ከዚያ ወዲህ ጦርነት መጣ፤ በ2015 ኤደን ራሷ የጦር ሜዳ ሆነች፤ መሣሪያው ከበፊቱ ባሰ። ቢሆንም በኤደን ያሉ የጸጥታ ኃይሎች በየጊዜው መሣሪያ የመልቀም ዘመቻ ያደርጋሉ። በዘመቻ ሰሞን ትናንት ዝም የተባለ ነገር ዛሬ ያሳስራል። «ሁሌም እኮ እንዲህ ነው የምናልፈው» የሚል አሠሪ ስለ ትናንት እየነገረሽ ነው።

ሌላም አለ። ሰነዓ በአንድ ባለሥልጣን፣ ኤደን በሌላ ከተያዙ ዓመታት አልፈዋል። በአንዱ በኩል የተሰጠ ወረቀት በሌላው ኑቅጣ ላይ ይሠራል ብለሽ አትመኚ። እንዲያውም ጥርጣሬ ሊያመጣ ይችላል።

«ሴት አትፈተሽም» የሚለው ነገር

የአንቺ አደጋ ያለው እዚህ ነው። በየመን ባህል ወንድ ወታደር ሴት አይነካም፣ የሴት ቦርሳም ቶሎ አይከፍትም። ይህን ሁሉም ያውቃል። ስለዚህ ከኤደን ወደ አብየን ስትወጡ አል ዓለም ኑቅጣ ላይ፣ ወይም ወደ ላሕጅ ስትወጡ ሪባጥ ኑቅጣ ላይ ከመድረሳችሁ በፊት፣ ከፊት የተቀመጠው ሰው ዞር ብሎ ሽጉጡን ወደ ኋላ ይሰጣል። ማዳም በራሷ ሸንጣ ብትይዘው ስሟም፣ ጎሳዋም አብረው ይያዛሉ። ስለዚህ አንዳንዴ ወደ ሠራተኛዋ ይዞራል። «አንቺ ምንም አይሉሽም» ትባያለሽ።

እውነቱ ግን ሌላ ነው። ኑቅጣ ላይ መሣሪያው ቢገኝ፣ ባባ በአካባቢው የሚያውቀው ሰው አለው፣ ሼኩ ይደውልለታል፣ ዋስ ይመጣለታል። አንቺ ግን የውጭ አገር ሰው ነሽ። ኢቃማ ላይኖርሽ ይችላል። አረብኛሽ ለወጥ ቤት ይበቃል እንጂ ለምርመራ አይበቃም። «ከማን ተቀበልሽ? ለማን ታደርሻለሽ?» የሚለው ጥያቄ በጦርነት ውስጥ ባለ አገር ቀላል ጥያቄ አይደለም። ከተራ የሽጉጥ ጉዳይ ተነስቶ ለሌላ ወገን የምትሠራ እስከማስባል ይደርሳል።

ደግሞ «ሴት አትፈተሽም» የሚለው ራሱ እየቀረ ነው። ሕጉ የሚለው ሴትን ሴት ትፈትሽ ነው እንጂ ሴት አትፈተሽ አይደለም። ሴት ፈታሽ ባለበት ቦታ ዓባያም፣ ቦርሳም፣ የሕፃን ዳይፐር የያዘው ዘንቢልም ይታያል።

እምቢ ስትዪ ምን ትዪያለሽ?

ብዙዎቻችሁ «እምቢ ካልኩ ደሞዜን ትከለክለኛለች፣ ታባርረኛለች» ብላችሁ ትፈራላችሁ። ፍርሃቱ እውነት ነው። ስለዚህ እምቢታሽ ስድብ ወይም ክርክር እንዳይመስል አድርጊው። ሕግ አትጥቀሺባቸው፣ ጣትም አትቀስሪ። ፍርሃትሽን ተናገሪ፤ የሚፈራን ሰው አስገድዶ ሽጉጥ ማስያዝ ለእነሱም አደጋ እንደሆነ ይገባቸዋል። በኤደን አረብኛ እንዲህ ማለት ትችያለሽ፦

• «አና አኻፍ ሚን አስ-ሲላሕ» (መሣሪያ እፈራለሁ)
• «ማ አቅደርሽ አሺሉህ» (ልይዘው አልችልም)
• «ሃዳ ሙሽ ሐቂ» (ይሄ የኔ አይደለም)
• «ኢዳ መሰኩኒ አንሰጂን» (ከያዙኝ እታሰራለሁ)
• «ኸሊ ሳሒቡ ዪሺሉህ» (ባለቤቱ ይያዘው)

ጊዜው ደግሞ ወሳኝ ነው። ኑቅጣው ፊት ቆማችሁ እምቢ ማለት ይከብዳል፤ ሁሉም ይደነግጣል፣ ወታደሩም ያያል። ጉዞ እንዳለ ስትሰሚ፣ ገና ዕቃ ስታሸጊ፣ ለማዳም በለሆሳስ ንገሪያት፦ «ማዳም፣ ልጆቹን እይዛለሁ፣ ምግቡን እይዛለሁ፣ መሣሪያ ግን አልይዝም»። ሳይቃጠል በቅጠል ነው። የራስሽን ቦርሳ ራስሽ እሸጊ፣ ከአጠገብሽ አታርቂ፣ መኪና ውስጥም ጉልበትሽ ላይ አድርጊ። የልጆቹን ልብስ የያዘውን ሸንጣ የምትሸከሚው አንቺ ከሆንሽ እሱንም ከመውጣታችሁ በፊት እጅሽን አስገብተሽ እዪ። ክብደቱ ከወትሮው ከተለየ ጠይቂ።

ከነገርሻቸው በኋላም በግድ ካስያዙሽ፣ ለምታምኛት ጓደኛ በስልክ መልእክት ላኪ፦ የት ነሽ፣ ከማን ጋር ነሽ፣ ወዴት እየሄዳችሁ ነው። ስለ መሣሪያው ዝርዝር አትጻፊ፤ ስልክም ኑቅጣ ላይ ይታያል። «አስቸገሩኝ፣ ካልደወልኩ ፈልጊኝ» ይበቃል።

ኑቅጣ ላይ ከተያዝሽ

1. አትሩጪ፣ ቦርሳውንም አትወርውሪ። እጅሽ ይታይ። መሣሪያውን አውጥተሽ ለመስጠት አትሞክሪ፤ ወታደሩ መሣሪያ ስትመዢ ያየ ሊመስለው ይችላል። የት እንዳለ በአፍሽ ንገሪ።

2. አጭር እውነት ተናገሪ። «አና ሹጋላ ዒንደሁም» (እነሱ ጋ ሠራተኛ ነኝ)። «ሃዳ ሐቅ ሳሒብ አል-በይት» (ይሄ የቤቱ ጌታ ነው)። ባባን ለማዳን ብለሽ «የኔ ነው» እንዳትዪ። «አንቺ እመኚ፣ ነገ አስፈታሻለሁ» ቢልሽም እንዳትቀበዪ። በአፍሽ የወጣው ቃል ወረቀት ላይ ሰፍሮ ይቀራል።

3. ሴት እንድትፈትሽሽ ጠይቂ። «አሽቲ መራ ቱፈቲሽኒ»። ይህ በየመን ሕግም፣ በባህላቸውም የታወቀ ነው።

4. የማታነቢውን ወረቀት አትፈርሚ። «አሽቲ ሙተርጂም» (አስተርጓሚ እፈልጋለሁ) በዪ። የጣት አሻራም ፊርማ ነው።

5. ሰው ይወቅልሽ። የየመን ሕገ መንግሥት የታሰረ ሰው በ24 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት እንዲቀርብ ያዛል። ሁልጊዜ ይፈጸማል ማለት አይደለም፤ ግን መጠየቅ ትችያለሽ። የውጭ አገር ሰው እንደመሆንሽ የአገርሽ ቆንስላ እንዲነገረው መጠየቅም የታወቀ አሠራር ነው። ዓለም አቀፉ ቀይ መስቀል እስረኞችን ይጎበኛል፣ ከቤተሰብም ያገናኛል። አይኦኤም ደግሞ በኤደን ለስደተኞች አገልግሎት የሚሰጥበት ማዕከል አለው። ውጭ ያለችው ጓደኛሽ መጀመሪያ የምትሄደው ወደ እነዚህና ወደ ማኅበረሰባችን ሽማግሌዎች ነው።

ስለዚህ አንድ ነገር ዛሬውኑ አድርጊ። የሁለት ሰው ስልክ ቁጥር በቃልሽ ያዢ። ስልክሽን ከወሰዱብሽ የሚቀርሽ እሱ ብቻ ነው።

ወደ ሌላ አገር ስትሻገሪ

ከኤደን ወደ አብየን መሄድ ቢያንስ በአንድ አገር ሕግ ውስጥ ነው። የአገር ድንበር ግን ሌላ ነው። በየመን ተስሪሕ ያለው መሣሪያ በሳዑዲ፣ በኦማን ወይም በኤምሬትስ በር ላይ ሲደርስ ኮንትሮባንድ ይባላል።

ሳዑዲ ዓረቢያ በ2005 እ.ኤ.አ. ያወጣችው የመሣሪያና የጥይት ሕግ አላት። ያለ ፈቃድ ማስገባትን በከባድ እስር ትቀጣለች። በሐድረመውት በኩል ባለው የወዲዓ በር ለዑምራ ወይም ለሥራ የሚያልፍ መኪናና አውቶቡስ በጥብቅ ይፈተሻል። ኦማን ከ1990 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የራሷ የመሣሪያና የጥይት ሕግ አላት፤ በመህራ በኩል በሸሕን በር ስታልፊ የምትገቢው በዚያ ሥር ነው። ኤምሬትስም በ2019 ያወጣችው ሕግ መሣሪያን ብቻ ሳይሆን ጥይትንና ፈንጂንም ይመለከታል።

ይህ የዓረብ አገር ጠባይ ብቻ አይመስልሽ። መሣሪያ በሕገ መንግሥት በተፈቀደባት አሜሪካ እንኳ አንድ ስቴት የሰጠው ሽጉጥ የመያዣ ፈቃድ በሌላው ስቴት ወዲያውኑ አይሠራም። በ1986 የወጣ የፌደራል ሕግ ተጓዡ በስቴቶች መካከል አቋርጦ እንዲያልፍ የሚፈቅድለት መሣሪያው ጥይት ካልጎረሰ፣ በቀላሉ እጅ ከማይደርስበት ቦታ ከተቀመጠ፣ መነሻውና መድረሻውም ላይ መያዝ የተፈቀደለት ከሆነ ነው። ዜጋ በገዛ አገሩ እንዲህ ከተጠነቀቀ፣ በሰው አገር የሰው መሣሪያ የያዘች ሠራተኛ ምን ያህል መጠንቀቅ እንዳለባት አስቢ።

አውሮፕላን ላይ፦ ወደ መንገደኞች ክፍል መሣሪያም፣ ጥይትም፣ እውነተኛ የሚመስል የልጆች ሽጉጥም ይዞ መግባት አይቻልም። ፈቃድ ያለው ሰው መሣሪያውን በሻንጣ የሚልከው አስቀድሞ ለአየር መንገዱ አሳውቆ፣ የመነሻውንም የመድረሻውንም አገር ወረቀት ይዞ ነው። ለአንቺ ይህ መንገድ የለም። ይልቅ የሚያስይዙሽ ትናንሽ ነገሮች ናቸው፦

• የጥይት ቀለሃ። ከሠርግ በኋላ ልጆች ይለቅሙታል፣ ቁልፍ ማንጠልጠያና የአንገት ሐብልም ይሠራበታል። የኤርፖርት መፈተሻ ማሽን ላይ ጥይት ሆኖ ይታያል። ጣዪው።
• ከባባ ጋር ስትሄጂ የያዝሽው ቦርሳ። ወደ አገር ቤት ስትመለሺ በዚያው ቦርሳ አትሂጂ። ኪሱ ውስጥ አንዲት ፍሬ ጥይት ተረስታ ሊሆን ይችላል። በአዲስ ቦርሳ ሂጂ፣ ካልሆነም ገልብጠሽ አራግፊው።
• ጀንቢያ። ለወንድም ስጦታ ብለው ይሰጡሻል። መሣሪያ ባይባልም ስለት ነው፤ በእጅ ሻንጣ አይገባም። በትልቁ ሻንጣ አድርጊው። እጀታው የአውራሪስ ቀንድ ነው ከተባልሽ ግን ጭራሽ አትቀበዪ፤ የአውራሪስ ቀንድ ከአገር አገር ማሻገር በዓለም አቀፍ ስምምነት የተከለከለ ነው።

ወደ ኢትዮጵያ ስትመለሺ

አገር ቤት ያለውን ሕግ ብዙዎቻችሁ አታውቁትም፣ ከወጣችሁ በኋላ ነውና የወጣው። በ2012 ዓ.ም. (2020 እ.ኤ.አ.) የጦር መሣሪያ አስተዳደርና ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1177/2012 ጸድቋል። ተቆጣጣሪው የፌደራል ፖሊስ ነው። ያለ ፈቃድ መሣሪያ መያዝ፣ መሸጥ፣ ማዘዋወር፣ ወደ አገር ማስገባት ወንጀል ነው። ድሮ በገጠር ምንሽርና ክላሽ ከአባት ወደ ልጅ ዝም ብሎ ይተላለፍ ነበር፤ አሁን ግን ወረቀት ይጠየቃል። አባትሽ ቤት የነበረው ጠመንጃ የአባትሽ ስለሆነ ብቻ የወንድምሽ አይሆንም።

ስለዚህ ሦስት ነገሮችን ለይተሽ ያዢ።

አንደኛ፣ አደራ ዕቃ። በአውሮፕላን ብትሄጂም፣ በጀልባ በጅቡቲ በኩል ብትመለሺም፣ «ይህችን ለእገሌ አድርሺልኝ» የሚል አይጠፋም። የመንና የአፍሪካ ቀንድን በሚያገናኘው ባሕር ላይ መሣሪያ በድብቅ ይመላለሳል። የተባበሩት መንግሥታት የጸጥታው ምክር ቤት በ2015 እ.ኤ.አ. በውሳኔ ቁጥር 2216 በየመን ጦርነት ውስጥ ባሉ አንዳንድ ወገኖች ላይ የመሣሪያ ማዕቀብ ከጣለ ወዲህ፣ በዚያ ባሕር ላይ የጦር መርከቦች ጀልባ ያስቆማሉ፣ ይፈትሻሉ። ደላላ ጥቅል ሲሰጥሽ «ክፈተውና ልየው» በዪ። አልከፍትም ካለ አትቀበዪ። «ዋጋ እቀንስልሻለሁ» ካለ ደግሞ ጭራሽ ሽሺ፤ ያለ ምክንያት ዋጋ የሚቀንስ ደላላ የለም። አደራ ትልቅ ነገር ነው፤ ነገር ግን ያላየሽውን ነገር አደራ መቀበል ግዴታ የለብሽም።

ሁለተኛ፣ ለክላሽ መግዣ የሚላክ ብር። «ጊዜው ከፍቷል፣ ከብታችን ተዘረፈ፣ ላኪልኝና ልግዛ» የሚል ወንድም ያላት ብዙ ናት። ጭንቀቱ ይገባናል። ግን በገዛ ላብሽ የተገዛው መሣሪያ ፈቃድ ከሌለው ወንድምሽን ያሳስረዋል፤ በግጭት አካባቢ ከሆነ ደግሞ ከእስር የከፋም ያመጣል። ገንዘቡን የላክሽው በሐዋላ ከሆነና «ለመሣሪያ» የሚል መልእክት ስልክሽ ላይ ካለ፣ ለአንቺም ጥሩ ማስረጃ አይደለም። ቢቻል ለሌላ ነገር ላኪ። ካልሆነም «መጀመሪያ ፈቃዱን አውጣና ወረቀቱን አሳየኝ» በዪው።

ሦስተኛ፣ በአገር ውስጥም ከክልል ወደ ክልል። ወንድምሽ በቀበሌው የሚታወቅ መሣሪያ አለው እንበል። አንቺን ሊቀበል ወደ አዲስ አበባ ሲመጣ ይዞት እንዳይመጣ ንገሪው። በመንገድ ላይ ያሉ ኬላዎች ይፈትሻሉ፤ በቀበሌው የሚያውቁት ሰዎች እዚያ የሉም። መንግሥት በተለይ በግጭት ጊዜ መሣሪያ ይዞ መንቀሳቀስን ጭራሽ ሊያግድ ይችላል። በነሐሴ 2023 እ.ኤ.አ. በአማራ ክልል ምክንያት የታወጀው የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ አንዱ ክልከላ ይኸው ነበር። በድንገት የሚመጣ እገዳ ደግሞ መንገድ ላይ ያለን ሰው አይጠብቅም።

ዘበኛ ሆኖ የሚሠራ ባል ወይም ወንድም ካለሽ

በእርሻ፣ በመጋዘንና በግንባታ ቦታ ሐሪስ (ዘበኛ) ሆነው የሚሠሩ ወንድሞች አሉ። አሠሪው ማታ ማታ ኣሊ ሊሰጣቸው ይችላል። በአሠሪው ግቢ ውስጥ እንኳ ቢሆን የውጭ አገር ሰው በእጁ መሣሪያ ይዞ መታየቱ ከባድ ነው። ሌባ ቢመጣና ቢተኩስ፣ ሰው ቢሞት፣ የሟች ወገን ደም የሚጠይቀው ከእሱ ነው። አሠሪው «እኔ ጠብቅ አልኩት እንጂ ግደል አላልኩም» ብሎ ሊወጣ ይችላል። አካባቢው ውጊያ ውስጥ ከገባ ደግሞ መሣሪያ የያዘ ሰው ተዋጊ ነው ተብሎ ይመታል። ፉጨት፣ ባትሪና ስልክ ለዘበኛ ይበቃሉ። ሌላውን ባለቤቱ ያምጣ።

ቤት ውስጥ

ለመንገድ ከተጠነቀቅሽ ለቤትም ተጠንቀቂ። በሰው ቤት ካለ መሣሪያ ጋር እንዲህ ኑሪ፦

• ስታጸጂ መሣሪያ ካገኘሽ አታንሺው። ባለቤቱን ጥሪ፣ እስኪያነሳው ሌላ ክፍል አጽጂ። «ባዶ ነው» ቢሉሽም እንደጎረሰ ቁጠሪው።
• አፈሙዙ ወደ ዞረበት አቅጣጫ አትቁሚ። ባሩዱን ጥረጊ፣ ዘይት ቀቢ ብትባዪ ያ የቤት ሥራሽ አይደለም።
• ልጅ መሣሪያ አንስቶ ካየሽ አትጩኺ፣ አትንጠቂ። ሌሎቹን ልጆች ይዘሽ ከክፍሉ ውጪ፣ ትልቅ ሰው ጥሪ። ድንጋጤ ነው ጣት ቃታ ላይ የሚያሳርፈው።
• ሠርግና ድል ሲሆን ወደ ሰማይ ይተኮሳል። የወጣው ጥይት ይመለሳል። ልብስ ልታሰጪ ሰገነት ላይ ካለሽ ውረጂ፣ ጣሪያው ኮንክሪት የሆነ ክፍል ግቢ።
• ሰው ከተመታ ቁስሉን በንጹሕ ጨርቅ አጥብቀሽ ይዘሽ ወደ ሐኪም ቤት ይወሰድ። በሼክ ዑስማን አል ሰዳቃ፣ በኾርመክሰር አል ጁምሁሪያ ሆስፒታሎች አሉ።
• በጓሮ ወይም በቆሻሻ ውስጥ ቦምብ የሚመስል ብረት ካየሽ አትንኪው፣ ለቁራሊዮም አትሽጪው። ከ2015ቱ ጦርነት የተረፈ ሊሆን ይችላል።

ብዙ ጊዜ የሚነሱ ጥያቄዎች

«ኢቃማዬ ሕጋዊ ነው። ራሴን ለመጠበቅ ትንሽ ሽጉጥ ብገዛስ?»
አይሆንም። ኢቃማ የመኖሪያ ፈቃድ ነው። ሕጉ መሣሪያ የመያዝ መብት የሰጠው ለዜጎች ነው። በገበያ ላይ የሚሸጥልሽ ሰው መኖሩ ሕጋዊ አያደርገውም። ሽጉጥ ያላት ሠራተኛ ቤት ውስጥ ዕቃ ቢጠፋ ወይም ጠብ ቢነሳ መጀመሪያ የምትከሰሰው እሷ ናት።

«ማዳም አብራኝ ናት፣ መሣሪያውም የባሏ ነው፣ ተስሪሕም አለው። እኔ ብይዘው ምን አለበት?»
ተስሪሑ ላይ ያለው የባሏ ስም ነው። እሱ አጠገብሽ ቆሞ «የኔ ነው» ካለና ወረቀቱን ካሳየ ነገሩ ሊያልፍ ይችላል። እሱ ከሌለ ወይም ዝም ካለ ግን መሣሪያው የተገኘው ከአንቺ ነው።

«አሊውን ይዤ ፎቶ ተነሳሁ፣ ቲክቶክ ላይ ለቀቅሁት። ችግር አለው?»
አጥፊው። ለጨዋታ ያደረግሽው ሊሆን ይችላል፤ ኑቅጣ ላይ ስልክሽን የሚያይ ወታደር ግን ጨዋታ መሆኑን አያውቅም። አገር ቤትም ስትገቢ ያው ነው። ቤተሰብሽንም ያስጠይቃል።

«በግድ አስይዘውኝ አልፈን ደርሰናል። አሁን ምን ላድርግ?»
ሳትቆዪ መልሺላቸው፣ ከቦርሳሽም ከክፍልሽም ይውጣ። ከአንቺ ጋር እንዳያድር። በሚቀጥለው ጉዞ እንዳይደገም ከላይ ያለውን ተናገሪ። እየተደጋገመ ከመጣ ሌላ ቤት መፈለግ ጀምሪ። የአንድ ወር ደሞዝ ቢቀርብሽ እንኳ ከእስር ይሻላል።

ከጉዞ በፊት

1. ቦርሳሽን ራስሽ አሽጊ፣ ኪሶቹን ሁሉ እዪ።
2. የልጆቹን ሸንጣ ከፍተሽ እዪ።
3. «መሣሪያ አልይዝም» የሚለውን ከመውጣታችሁ በፊት ንገሪ።
4. ኢቃማሽን ወይም የዩኤን ወረቀትሽን፣ ከሌለሽም የፓስፖርትሽን ኮፒ ያዢ።
5. ለጓደኛሽ ወዴት፣ ከማን ጋር፣ መቼ እንደምትመለሺ ንገሪ።
6. ስልክሽ ላይ የመሣሪያ ፎቶ ካለ አጥፊ።
7. ሁለት ስልክ ቁጥር በቃልሽ።

መልካም መንገድ ይሁንልሽ።